ተረከበችው የተባለው ደብዳቤ

የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ «አመልካቿ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ በመብታቸው ላይ ተኝተው ዛሬ ነው የነቁት» ሲል፣ አመልካቿ ውሃ ልክ ከፍርድ ቤቱ አግዳሚ ወንበር ብድግ ልትል ትንሽ ቀራት። አጠገቧ የነበረችው የሠራተኛ ማኅበሩ ጠበቃ ክንዷን ያዝ አድርጋ አስቀመጠቻት።

ተኝተው። የምን መተኛት ነው? ይቺ ሴትዮ በአሥራ አንድ ዓመት ውስጥ አሥራ አራት አቤቱታ ጽፋለች። ሰው ሀብት ቢሮ ውስጥ ያላንኳኳችው በር የለም። አንዱ «ነገ ነይ» ይላታል፣ ሌላው «ጉዳይዎ በመታየት ላይ ነው» የምትል ሁለት መስመር ይጽፍላታል፣ ሦስተኛው ጭራሽ ጆሮ ዳባ ልበስ። ውሃ ቅዳ ውሃ መልስ ሲያሰኟት ኖረው፣ አሁን ደግሞ ይሄ ክራቫቱን የሚደባብስ ሰውዬ ተኝታ ነበር ይላል። ደሟ ፈላ።

ውሃ ልክ ቅጽል ስሟ ነው። የምትሠራው የከተማው ውሃ ቆጣሪዎች ተነቅለው ለፍተሻ በሚመጡበት ወርክሾፕ ነው። እዚያ አንድ ረጅም የብረት ጠረጴዛ አለ። ቆጣሪዎቹ ላዩ ላይ በመስመር ይታሰሩና ውሃ ይለቀቅባቸዋል፣ ጫፍ ላይ ባለው የመስታወት ጋን የገባው ውሃና ቆጣሪው የቆጠረው ይመሳከራል። ጠረጴዛው ሚዛኑን ከሳተ የጋኑ ንባብ ይዋሻል፣ ጤነኛው ቆጣሪ በሽተኛ ይባላል። ስለዚህ በየሰኞው ጠዋት እሷ ቀድማ ትገባና አረፋ ያላትን ያቺን መለኪያ፣ ውሃ ልኩን፣ ጠረጴዛው ላይ ታስቀምጣለች። አረፋዋ መሃል ካልቆመች ማንም ቧንቧ አይከፍትም። ስሙ በዚያው ወጣላት፣ እሷም አልጠላችውም።

ከአሥራ አንድ ዓመት በፊት ዋና ፈታሹ ጡረታ ወጡ። አንድ ዓመት ተኩል ሥራቸውን በተጠባባቂነት የሠራችው እሷ ነበረች። ለቦታው ውድድር ሲወጣ ተወዳደረች። ሁለተኛው ተወዳዳሪ ጓንቴ ነበር፤ ቆጣሪ መፍታትና መግጠም ከሀ እስከ ፐ ያስተማረችው ልጅ። ከዚያ አንድ ቀን ጠዋት ስትገባ ጓንቴ ዋና ፈታሽ ሆኖ አገኘችው። እሷ ረዳት ፈታሽ እንደሆነች ቀረች። አለቃ የተባለው ልጅ ደግሞ እስከ ዛሬ ድረስ፣ ከባድ ቆጣሪ ሲመጣ «እትዬ፣ እስቲ ይችን እዪልኝ» እያለ ወደ እሷ ያመጣል።

አሁን ጡረታ ልትወጣ አንድ ወር ቀርቷታል። የደረጃው እድገት ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ካልታሰበላት፣ ረዳት ተብላ ገብታ ረዳት ተብላ መውጣቷ ነው። ገንዘቡንስ ማን ይጠላል? ግን እሷን የሚያንገበግባት የመሰናበቻው ወረቀት ነው። በዚያ ወረቀት ላይ «ረዳት» የሚል ቃል ተጽፎ እቤቷ እንዲገባ አትፈልግም። አለቀ።

«ክብርት ዳኛ» አለ ነገረ ፈጁ፣ «አመልካቿ ስለ ደረጃ እድገታቸው በጽሑፍ መልስ ተሰጥቷቸዋል። ቅር ካላቸው በሠላሳ ቀን ውስጥ ማመልከት ነበረባቸው። የደብዳቤው ቀሪ ቅጂ መዝገብ ቤቱ ሲጸዳ ከተወገዱት ፋይሎች ጋር ሄዷል፣ ነገር ግን የደብዳቤ መረከቢያ ደብተሩ አለ።» አንድ ጥግ ጥጉ የተበላ ሰማያዊ ደብተር አቀረበ። ቁጥሩ፣ ቀኑ፣ «ስለ ደረጃ እድገት» የሚል ማጠቃለያ፣ የእሷ ሙሉ ስም፣ ከጎኑም ፊርማ።

ዳኛዋ መነጽራቸውን ከፍ አድርገው አዩትና ወደ እሷ ዞሩ። «ይሄ የእርስዎ ፊርማ ነው?»

«አይደለም። የጓንቴ ነው... የአለቃዬ ማለቴ ነው።»

እዚህ ላይ የወርክሾፑን አመል መንገር ግድ ነው። እዚያ የሚሠራ ሰው እጁ ቀኑን ሙሉ ውሃና ቅባት ነው። ደብዳቤ የምታድለው ሴትዮ ደግሞ ደብተሯ ላይ የቅባት አሻራ ካየች ትንጨረጨራለች። ስለዚህ የመጣ ደብዳቤ ሁሉ፣ የማንም ይሁን የማን፣ በዚያች ሰዓት እጁ ንጹህ የሆነ ሰው ይፈርማል። ብዙ ጊዜ ንጹህ የሚሆነው የአንድ ሰው እጅ ነበር። የጎማ ጓንት ሳያጠልቅ ቆጣሪ የማይነካ፣ ጓንቱን አውልቆ እስክሪብቶ የሚይዝ። ጓንቴ የተባለውም ለዚሁ ነው።

ነገረ ፈጁ ይቺን አመል የሆነ ሰው ሹክ ብሎታል። ፈገግ ብሎ ጠየቃት። «እርስዎስ? ለሌላ ሠራተኛ ፈርመው ደብዳቤ ተረክበው ያውቃሉ?»

ጠበቃዋ በጠረጴዛው ሥር እግሯን ረገጥ አደረገቻት። አላውቅም ይበሉ ማለቷ ነው። ብትል ማን ያጋልጣታል? የአሥር የአሥራ አምስት ዓመት ደብተር ማን ፊርማ በፊርማ ያመሳክራል? ውሃ ልክ ይሄ ሁሉ ገብቷታል።

«አዎ» አለች። «ብዙ ጊዜ።»

«እንግዲያው» አለ ነገረ ፈጁ፣ «ባልደረባ የተረከበው ባለቤቱ እንደተረከበው ይቆጠራል ማለት ነው። የእርስዎ የሥራ ክፍል ልማድ ነው።»

«እኔ ፈርሜ የተቀበልኩትን ኪሴ አልከተትኩም። ለአንዱም ሳልሰጥ ቀርቼ አላውቅም። ሂጄ እጁ ላይ አስቀምጬለት ነው ወደ ሥራዬ የምመለሰው። የእኔን ለማን እንደሰጠው እሱን ጠይቁት።»

ጓንቴ ለመሥሪያ ቤቱ ምስክርነት ተጠርቶ ኮሪደር ላይ ቆሞ ነበር። አስገቡት፣ ማለ። የተወለወለ ጫማ፣ ነጭ ሸሚዝ። ዳኛዋ ደብዳቤውን ሰጥቷት እንደሆነ ሲጠይቁት ደብተሩን አየ፣ ጣራውን አየ፣ እሷን ግን አላየም።

«ሰጥቻታለሁ» አለ።

«በእጃቸው?»

«በእጇ።»

ዓይኑን በጨው አጥቦ። ያውም ስትታመም ሆስፒታል ሦስት ቀን ያደረ ልጅ፣ ልጇን ስትድር ድንኳን የተከለላት ልጅ። ዳኛዋ መዝገቡን ለብይን በሦስተኛው ሳምንት ቀጠሩ። ከዚያ ቀጠሮ እስከ ጡረታዋ የሚቀረው ስምንት ቀን ብቻ ነው።

ደረጃው ላይ ጠበቃዋ ቱግ አለች። «አላውቅም ቢሉ ምን ነበረበት? አንድ ቃል እኮ ነው።»

«አድርጌዋለኋ» አለች ውሃ ልክ። «ያደረግኩትን አላደረግኩም ልበል?»

«እነሱ ይላሉ እኮ።»

«ይበሉ።»

ቤቷ ስትገባ ባሏ ሽንኩርት እየከተፈ ነበር። ሰውዬው ሠላሳ ዓመት የከተማ አውቶቡስ የነዳ ጡረተኛ ነው፣ ከፊቷ ላይ ነገር ማንበብ አያቅተውም። ቢላውን አስቀመጠ።

«ዋሸ?»

«ዋሸ።»

«እንግዲህ ተይው፣ አንቺ ሴትዮ። አንድ ወር ነው የቀረሽ። ጤናሽ ይበልጣል።»

«ጤናዬንስ ማን በላው? እኔ እንደሆንኩ የሚዋሽ ቆጣሪ እንኳ አላሳልፍም፣ የሚዋሽ ሰው ላሳልፍ?»

ባሏ ሳህን አቀረበላትና፣ ትስቅ እንደሆነ ብሎ «ይሄ ጠረጴዛ ወደ እኔ ያዘነበለ አይመስልሽም?» አላት። ሌላ ጊዜ ቢሆን ትስቅለት ነበር። ሳህኑን ገፋ አድርጋ ተነሳች፣ እሱም የከተፈውን ሽንኩርት ብቻውን በላ።

ሁለት ሳምንት ከጓንቴ ጋር አንድ ቃል ሳይለዋወጡ ሠሩ። እሱ ከመስታወት በተሠራችው ቢሮው ውስጥ፣ እሷ ከጠረጴዛው ጋር። ወርክሾፑ ውስጥ ያሉት ሁለት ቴክኒሻኖች በሁለቱ መሃል በእግር ጣታቸው ጫፍ ይሄዱ ነበር።

በሦስተኛው ሳምንት ሰኞ እንደ አመሏ ቀድማ ገባች። ቅዳሜ ወለሉን በግፊት ውሃ አጥበውት ነበርና ሲሚንቶው ገና እርጥብ ነው። ውሃ ልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። አረፋዋ ወደ ግራ ሮጠች።

ይሄ በአሥራ አንድ ዓመት አንድ ቀን ሆኖ አያውቅም። መለኪያዋን አዙራ አስቀመጠች፣ ያው ነው። ጉልበቷን እያማት ቁጢጥ ብላ የግራውን እግር አየችው። እግሩ ሥር፣ ዙሪያውን በራሷ እጅ የቀባችው ቢጫ ቀለም አለ፣ «አትንኩ» የሚለውም ጽሑፍ የራሷ ነው። ከእግሩ በታች ሚዛን መጠበቂያ የገባው የጎማ እጥፋት ጠርዙ ተቀዶ አብጧል። የቅዳሜው ውሃ ነው የሠራው።

ቴክኒሻኖቹ ሲገቡ «ያዝ አድርጉልኝ» አለቻቸው። ጠረጴዛውን ቀና አደረጉላት፣ እሷም ያንን እጥፋት ስባ አወጣችው። ተጨፍልቆ እንደ ቆርቆሮ የጠነከረ የጎማ ጓንት ነበር። ውስጡ የሆነ ነገር አለ።

ያን ጊዜ ነው ትዝ ያላት። አዲሱ ጠረጴዛ የተተከለ ቀን፣ ወለሉ ወጣ ገባ ሆኖ ሲያስቸግራቸው፣ እሷ ጠረጴዛውን በትከሻዋ ደግፋ «ቀጭን ነገር አምጣ፣ ቶሎ በል፣ ትከሻዬ ሊወልቅ ነው» ብላ ጮኸችበት። ጓንቴ እጁ ላይ የነበረውን አጠፈ። «ወረቀት ከሆነ ይበሰብሳል፣ ጎማ አልብሰው» አለችው። ጓንቱን አውልቆ አለበሰውና ከእግሩ ሥር ሸጎጠው። አረፋዋ መሃል ላይ ልክ ብላ ቆመች። «በቃ፣ ይሄ ነው ልኩ» አለች ውሃ ልክ፣ «ማንም እንዳይነካው።» ቀለምና ብሩሽ አምጥታም ዙሪያውን ቀባችው።

ጓንቱን በመቀስ ቀደደችው። አራት ቦታ የታጠፈ ቡናማ ፖስታ ወጣ። ጠርዙ ወይቧል፣ አፉ ግን እንደታሸገ ነው። ላዩ ላይ ሙሉ ስሟ አለ። የደብዳቤውን ቁጥር ማንበብ አላስፈለጋትም። ፍርድ ቤት ስንት ጊዜ ሲነበብ ሰምታ በቃሏ ይዛዋለች።

እርጥቡ ወለል ላይ ቁጭ አለች። በእሱ ነው የምትናደደው፣ በራሷ ነው? አሥራ አንድ ዓመት፣ በየሰኞው፣ በገዛ ደብዳቤዋ ላይ ሚዛን ስትጠብቅ ኖራለች። አቤቱታዋን እየጻፈች ክርኗን ያስደገፈችውም እዚሁ ጠረጴዛ ላይ ነው። አትንኩ ብላ የከለከለችውም ራሷ ናት። ጣቶቿ ፖስታውን ሊቀዱት ቃጣቸው፣ ግን ሴትዮዋ ቆጣሪ ፈታሽ ናት። ማሸጊያው የተቀደደ ቆጣሪ ለማንም ማስረጃ እንደማይሆን ከሷ በላይ የሚያውቅ የለም። ፖስታውን በፌስታል አስገባችው። ቴክኒሻኖቹን ከየት እንዳወጣችው አስጽፋ አስፈረመቻቸው። ይህን ጊዜ ማንም ስለ ንጹህ እጅ አላነሳም። ሁለቱም በቅባት ጣታቸው ፈረሙ።

ጓንቴ ከመስታወቱ ጀርባ ቆሞ ያይ ነበር። አልወጣም።

በብይኑ ቀን ጠበቃዋ ፖስታውን ስታቀርብ፣ ነገረ ፈጁ «አዲስ ማስረጃ ነው፣ ጊዜው አልፏል» ብሎ ተቃወመ። ይሄ ሰውዬ ጊዜው አልፏል ከማለት ሌላ ቋንቋ አልተማረም። ዳኛዋ ፖስታውን ገለባብጠው አዩት፣ አፉ መታሸጉን ነገረ ፈጁም መጥቶ እንዲያይ አደረጉ፣ ከዚያ በማስመሪያ ጠርዝ ከፍተው ማንበብ ጀመሩ።

«ለዋና ፈታሽነት በተደረገው ውድድር አንደኛ የወጡ ስለሆነ፣ ከዛሬ ጀምሮ በቦታው የተመደቡ መሆኑን እየገለጽን፣ በሠላሳ ቀን ውስጥ ሰው ሀብት ቀርበው ምደባውን መቀበልዎን ካላረጋገጡ እንደተዉት ተቆጥሮ ለቀጣዩ ተወዳዳሪ የሚሰጥ...»

ዳኛዋ አቆሙ። ነገረ ፈጁ ወረቀቶቹን ያገላብጣል፣ የሚፈልገው ነገር ግን እዚያ የለም። ውሃ ልክ እንዳልሰማች ሰው ቀና ብላ «አንደኛ?» አለች፣ ለማንም ሳይሆን። አሥራ አንድ ዓመት የለመነችው፣ አሥራ አራት ጊዜ የጻፈችበት፣ ከመጀመሪያው ተሰጥቷት ነበር። አሥራ አራቱን አቤቱታ ከተቀበሉት ሰዎች መካከል አንዱ እንኳ ፋይሏን ገልጦ አላየም ማለት ነው። «በመታየት ላይ ነው» ሲሏት ማንም እያየው አልነበረም።

ነገረ ፈጁ ግን አሁንም ተነሳ። «ቢሆንም ክብርት ዳኛ፣ የይርጋው ዘመን መቆጠር ያለበት ደብዳቤው ከተፈረመበት...»

«ከየት ይቆጠር ነው የሚሉኝ?» አሉ ዳኛዋ። «ከጠረጴዛው እግር ሥር?» ከዚያ ጓንቴን አስጠሩት።

ፖስታውንና የተቀደደውን ጓንት ሲያይ ፊቱ አመድ መሰለ። ሊክድ አልሞከረም።

«ስሸጉጠው ምን እንደሆነ አላየሁም» አለ። «እትዬ ቶሎ በል ብላ ስትጮህ፣ ገና ፈርሜ ተቀብዬ እጄ ላይ የነበረውን ነው ያጠፍኩት። በኋላ ላወጣው ነበር፣ እሷ አትንኩ ብላ ቀባችበት። ከዚያ ረሳሁት።»

«መቼ ነው ያስታወሱት?»

«ከወር በኋላ። ሰው ሀብት ጠርተውኝ አንደኛዋ አልቀረበችም፣ ቦታው ያንተ ነው ሲሉኝ።»

«እና ለምን አልነገሯቸውም?»

ጓንቴ እጆቹን አየ። «ነገ እነግራታለሁ እል ነበር» አለ። «መጀመሪያ አንድ ሳምንት። ከዚያ ደመወዙን አንዴ ከተቀበልኩ በኋላ... በየቀኑ ነገ እል ነበር።»

ውሃ ልክ ሳይፈቀድላት ተነሳች። ጠበቃዋም አልያዘቻትም። ወደ ጓንቴ ሳይሆን ወደ ነገረ ፈጁ ዞራ «እኔ ነኝ የተኛሁት?» አለችው። ሰውዬው ክራቫቱን አልነካም። ዳኛዋም ይቀመጡ አላሏትም።

ውሳኔው አጭር ነበር። ደብዳቤው ለባለቤቱ አልደረሰም፤ ያልደረሰ ደብዳቤ ጊዜ አያስቆጥርም። ደብዳቤው ከተጻፈበት ቀን ጀምሮ ዋና ፈታሽ ናት፣ መሥሪያ ቤቱም በዚሁ መሠረት ያስተካክል። በሐሰት የተሰጠው ምስክርነት ለብቻው ይታያል። ኮሪደሩ ላይ ባሏ አቅፎ ትከሻዋን መታ መታ አደረጋት። «ደስ አይልሽም?» ሲላት «ደስ ይለኛል» አለች፣ ግን ጥርሷን እንደነከሰች ነበር። አሥራ አንድ ዓመት ዋና ፈታሽ ነበርሽ ተባለች፣ አንዱንም ቀን ግን አልኖረችውም። የቀሯት ስምንት ቀናት ናቸው።

በማግሥቱ ጠዋት ወርክሾፑ ስትገባ ቆጣሪ እስከ በሩ ተከምሯል። እጥፋቱ ከወጣ ጀምሮ ጠረጴዛው ሥራ ፈትቶ ቆሟል፣ እሷ ሳትለካው ማንም ሊነካው አልደፈረም። ጓንቴ ቢሮው ውስጥ የለም። ዕቃውን በካርቶን ይዞ፣ የት እንደሚያስቀምጠው የጠፋው ሰው መስሎ መሃል ወለል ላይ ቆሟል።

«ካርቶኑን አስቀምጥ» አለችው። ከሦስት ሳምንት በኋላ ያናገረችው የመጀመሪያው ቃል ነው። «የጠረጴዛውን እግር አንተ ነህ የምታስተካክለው።»

ጓንት ሊያነሳ እጁን ሲሰድ «በባዶ እጅህ» አለችው። በነጭ ሸሚዙ እርጥቡ ወለል ላይ ተንበረከከ። ቴክኒሻኖቹ ጠረጴዛውን ቀና አደረጉ፣ እሱ ከጎማ ቁራጭ እየቆረጠ ከእግሩ ሥር መሸጎጥ ጀመረ። እሷ ውሃ ልኩን ከላይ አስቀምጣ ቆመች።

«አሁንስ እትዬ?»

«ገና ነው።»

አንድ ቁራጭ ጨመረ። እጁ እስከ ክንዱ በቅባት ጠቁሯል፣ ላቡ ከግንባሩ ወደ ዓይኑ ይገባል።

«አሁንስ?»

«ገና።»

ቁራጩን አውጥቶ ላጠውና መልሶ ሸጎጠው። ጉልበቱ ሥር ውሃው ሱሪውን አልፎ ሲወጣ ይታያል። አንደኛው ቴክኒሻን ጠረጴዛውን እንደደገፈ አንገቱን አስግጎ መለኪያዋን አየ፣ ከዚያ ቀና ብሎ እሷን አየ። አረፋዋ መሃል ላይ ልክ ብላ ከቆመች ቆይታለች።

«አሁንስ እትዬ?» አለ ጓንቴ ከሥር።

«ገና ነው» አለችው።